አባቴ በቴሌቪዥን የሞተ ዕለት

ባለፈው ሳምንት የአባቴን ጋቢ ላጥበው ከቁም ሳጥን ሳወጣው አንገቱ አካባቢ የፊት ዱቄት ሸተተኝ። ያን ያህል ዓመት ታጥቦ ታጥቦ እንዴት አልለቀቀም? ሳላጥበው አጥፌ መለስኩት። የማወራህም ለዚያ ነው።

አባቴ ተዋናይ ነበር ብልህ ትስቅ ይሆናል። ቀን ቀን እዚህ እስራኤል፣ ጋን ሽሙኤል የጭማቂ ፋብሪካ ነበር የሚሠራው፤ ማታ ሲገባ የብርቱካን ልጣጭ ይሸታል። ግን አንድ ጊዜ ለቴሌቪዥን ድራማ ነጭ ጢም ያለው ሽማግሌ ሲፈልጉ ከኛ ሰፈር ከናሕሊኤል እሱን ወሰዱት፤ ከዚያ ወዲህ ሐበሻ ሽማግሌ በተፈለገ ቁጥር ይደውሉለት ጀመር። ዘበኛ ሆነ፣ ፅዳት ሠራተኛ ሆነ፣ የሙሽራ አባት ሆነ። ብዙውን ጊዜ ሁለት ቃል ነው የሚናገረው። እብራይስጥ ማንበብ ስለማይችል እነዚያን ሁለት ቃላት የማስጠናው እኔ ነበርኩ፤ የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ፣ ትዕግሥት የሚባል ያልፈጠረብኝ። እሱ ግን ድምፁን እየለዋወጠ ወጥ ቤት ውስጥ ሲንጎራደድ ያመሽ ነበር።

በመጨረሻ ትልቁ ድርሻ መጣ፤ ሆስፒታል ተኝቶ ልጁን መርቆ የሚሞት አባት። አራት ደቂቃ ሙሉ! አባቴ ከከተማችን ከሀደራ ገበያ አዲስ ሸሚዝ ገዝቶ መጣ፤ ለመሞት ሸሚዝ ምን ያደርግለታል? የለበሰውም የራሱን ጋቢ ነበር። ቀረጻው ያለቀ ዕለት ዱቄቱን ፊቱ ላይ እንዳለ ይዞ ገባና "ባማዩ አቅፎ አለቀሰብኝ" አለን፤ ዳይሬክተሩን ማለቱ ነው። እንደዚያ ቀን ደስ ብሎት አይቼው አላውቅም።

ታላቅ እህቱ፣ አክስቴ፣ ሩቅ ቤርሼባ ከተማ ነበር የሚኖሩት። ድራማው ሊተላለፍ ሲል "ለአክስቴ ልደውልላቸው?" አልኩ።

"ምን ልትያቸው?" አለች እናቴ። "ማክሰኞ ወንድምዎ ይሞታል ልትያቸው? ሟርተኛ!"

ማንም አልደወለም።

አክስቴ ወንድማቸው በቴሌቪዥን እንደሚወጣ ያውቃሉ፤ ግን በሞት የሚጫወት ሰው ይኖራል ብለው አላሰቡም። ቤታቸው ቁጭ ብለው በገዛ ጋቢው እንደተጠቀለለ ፊቱን ሲሸፍኑት አዩ። እንዳይደውሉ፣ መርዶ በስልክ አይጠየቅም። ጎህ ሲቀድ ሽማግሌ መጥቶ እስኪያረዳቸው ጠበቁ። የመጣ ሰው ሲጠፋ ጎረቤት ሰብስበው በሚኒባስ ወደኛ ተነሱ።

የለቅሶው ድምፅ ከደረጃው ሲሰማ አባቴ ለሥራ ሊወጣ ጫማውን እያሰረ ነበር። "ማን ሞተ?" ብሎ፣ ሊያለቅስ ነጠላውን አንስቶ በሩን ከፈተ።

አክስቴ ደረቱን መቱት፣ ሳሙት፣ ደግመው መቱት። "አንተ ነህ? አንተ ነህ?"

"እትዬ፣ ሥራ እኮ ነው!"

"የምን ሥራ! በሞቴ፣ ሁለተኛ እንዳትሞት!"

"እሺ እትዬ፣ አልሞትም።"

ለቀስተኛው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። የዚያ ቃል ዋጋ የገባኝ ኋላ ነው። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ድርሻ ሁሉ የሚሞት ሽማግሌ ሆነ፤ ለኛ ሽማግሌዎች ሌላ የሚጽፉት የጠፋ ይመስል። አባቴ በስልክ "ብሰደር፣ እሺ፣ እመጣለሁ፤ ብቻ አልሞትም" ይላቸዋል። ቀስ በቀስ መደወሉን ተዉት።

"አባ፣ አክስቴ በምን ያውቃሉ?" ስለው "እትዬን አንዴ በቁሜ አስለቅሻቸዋለሁ፤ ይበቃል" አለኝ። አንዳንድ ምሽት ግን ብቻውን ወጥ ቤት ሆኖ የድሮ ሁለት ቃሎቹን ሲል እሰማው ነበር።

ዘንድሮ ፋሲካ ሳይደርስ ሞተ። አክስቴን በወጉ አረዳናቸው፤ በሽማግሌ፣ ጎህ ሲቀድ። ቆመው ሰምተው "በደንብ አይታችሁታል?" ብቻ ነው ያሉት።

የሐዘኑ ሰባት ቀን ሲያልፍ አጠገቤ ተቀመጡና "እስቲ ያንን አውጪልኝ" አሉኝ።

"የቱን?"

"የሞተበትን።"

ከስልኬ ፈልጌ ከፈትኩላቸው። ልጁን መረቀ፤ ዓይኑን ጨፈነ። አክስቴ ስልኩን ወደ ዓይናቸው አስጠጉና ጋቢው ደረቱ ላይ ከፍ ዝቅ የሚልበትን ቦታ በጣታቸው ነኩ።

"ያውልሽ፣ ይተነፍሳል" አሉ። ጣታቸውን ሳያነሱም "ያኔ በሞቴ ባልለው ኖሮ ዛሬ ስንት ቦታ እናገኘው ነበር?" አሉኝ።

ስልኩ ላይ ምስሉ አልቆ ቆመ።

"ድገሚው" አሉኝ። ደገምኩላቸው።