መቀስ ያልነካው ጨርቅ

ሴትዮዋ ለአዲሱ ሥራዋ ኮት ልታሰፋ ጨርቅ ካመጣች ሳምንታት አልፈዋል፤ ጨርቁ ግን ዛሬም መቀስ አልነካውም። ልብስ ሰፊው ሸሚዙን እስከ አንገቱ የቆለፈ፣ ጸጉሩን አለስልሶ ያበጠረ ጎልማሳ ነው። ጠረጴዛው ላይ አጎንብሶ በጠመኔ ያሰምራል፤ ይለካል፤ በመዳፉ ያጠፋና እንደገና ያሰምራል። ጥቁሩ ጨርቅ ዱቄት የተነሰነሰበት መስሏል።

"ጋሼ፣ የሚቆርጡት ኮት ነው እንጂ ሰው አይደለም እኮ!" አለች አጠገቡ በስፌት መኪና የምትሠራው ባልደረባው። ወደ ሴትዮዋም ዞር ብላ፣ "ድሮ እንዲህ አልነበሩም። ደንበኛ የሚሻማቸው በጥንቃቄያቸው ነበር። አሁን ባለሱቁ ሰልችቶት ጠረጴዛውን ለሌላ ሊሰጥባቸው ነው። ሐኪም ቤት ይሂዱ ስላቸው ይቆጡኛል" አለቻት።

"መጠንቀቅ በሽታ ነው እንዴ?" አለ ሰውየው ቀና ሳይል።

የሴትዮዋ ትዕግሥት አለቀ። "እንግዲያው ጨርቄን ይመልሱልኝ! ሰኞ ሥራ ስጀምር ምን ልልበስ?"

መቀሱን አነሳ። ስለቱ የጨርቁ ጠርዝ ላይ ሲደርስ እጁ ባለበት ቀረ፤ ግንባሩ ላብ አቸፈቸፈ። መቀሱን ጠረጴዛው ላይ ወረወረው።

"መስመሩ ልክ መሆኑ መች ጠፋኝ! እጄ ነው እምቢ ያለኝ" አለ በንዴት። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ "ቤት ስገባም ቢላ መያዝ አቅቶኝ ዳቦ እንኳ የምትቆርስልኝ ልጄ ናት" አለ።

ባልደረባው የስፌት መኪናዋን አቆመች። "ጋሼ፣ ይሄማ ጥንቃቄ አይደለም።"

"ታዲያ ምንድን ነው?" ብሎ ጮኸባት፤ ዓይኑን ግን መልሷን እንደሚጠብቅ ሰው ከፊቷ ላይ አልነቀለም።