ባዶው ረድፍ

ባለፈው የብርድ ወራት የልጅ ልጄ ማርታ በረኛ ሆና የተሰለፈችበትን የበረዶ ሆኪ ለማየት ወደ ሆላንዷ ከተማ ዴን ሃግ ሄድሁ። አሠልጣኟ ቋሚ በረኛ ትሁን ወይስ አትሁን የሚወስነው በዚያ ጨዋታ ነበር። ውጤቱን እንድመዘግብላት ስለለመነችኝ፣ እንደ ልማዴ በግእዝ ቁጥር ልጽፍ ማስታወሻዬን ዘረጋሁ።

ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት እስኪቀረው ድረስ ግብ አልተቆጠረም። አጠገቤ የተቀመጠው አማቼ፣ የማርታ አባት፣ "የኔታ፣ ይህ ብርቅ ነው፤ በሆኪ ብዙ ጊዜ ግብ ይዘንባል። እንዲህ የሚደርቀው ሁለቱም በረኞች ሲበረቱ ነው" አለኝ። ወዲያው ወደ ማስታወሻዬ አጮልቆ፣ "ምነው ምንም አልጻፉ? እንቅልፍ ወሰድዎት እንዴ?" ብሎ ሳቀ።

"በግእዝ ቁጥር ዜሮ የለም፤ የሚጀምረው ከ፩ ነው" ብዬ ስመልስለት ይባስ ሳቀ። እኔም አፈርሁ።

በመጨረሻ የእኛዎቹ አንድ ግብ አስቆጠሩ፤ በረድፋቸው ፩ ጻፍሁ። ማርታ ግን እስከ ማብቂያው ደወል አንድም ግብ አልተቆጠረባትም። አሠልጣኟ "ከዛሬ ጀምሮ ቋሚ ነሽ!" እያለ አቀፋት።

ላቧ ሳይደርቅ መጥታ ማስታወሻዬን ነጠቀችኝና የተጋጣሚዎቿን ረድፍ ተመለከተች።

"አያቴ፣ እዚህ ምን ልትጽፍ ነው?"

"የምጽፈው የለኝም፣ ልጄ።"

"ጎሽ! ይሄ ባዶ የኔ ሥራ ነው፤ እንዳትነካው!"