ኦዲል ማሬክና ዳኛዋ

ኦዲል ማሬክን ፈረንሳይ ውስጥ በመልክ የማያውቃት ጥቂት ነው፤ በስም የሚያውቃት ደግሞ ከዚያም ያንሳል። ሃያ ዓመት ሙሉ በፊልምና በቴሌቪዥን ነርስ ሆነች፣ ጎረቤት ሆነች፣ የሟች እህት ሆና አለቀሰች። ገበያ ስትወጣ ሰዎች አፍጥጠው ያይዋትና፣ «መድኃኒት ቤት አይደለም እንዴ የሚሠሩት?» ይሏታል። እሷም ነው ብላ፣ ስለ ጉንፋናቸው ጠይቃቸው ታልፋለች።

አርባ ዘጠኝ ዓመት በሞላት ክረምት፣ አንድ ጠዋት ጥርሷን ስትቦርሽ ውሃው በአፏ ጥግ ፈሰሰ። ቀና ብላ መስተዋት ብታይ ግራ ጉንጯ ወርዷል፤ ዓይኗም አልከደን ብሏል። ሐኪሙ የፊት ነርቭ ነው፣ አብዛኛው ሰው ይድናል አላት። እሷን ተሻላት እንጂ ፈጽሞ አልዳነችም፤ ከንፈሯ ወደ አንድ በኩል እንደተንጋደደ ቀረ። የጀመረችው ሥራ ለሌላ ተሰጠ። ሥራ የሚያፈላልግላት ወኪልም መደወሉን ቀስ በቀስ ተወው።

የፓሪስ ክፍሏን ለቃ፣ ዱዋርነኔ በምትባል የዓሣ አጥማጆች ከተማ ወደቡ አጠገብ ወዳለው የእናቷ ቤት ገባች። እናቷ ሶአዚግ ዕድሜዋን በሰርዲን ፋብሪካ የጨረሰች፣ አንደበቷ እንደ ቢላዋዋ የተሳለ ሴት ናት። ልጇ በሻርፕ ተሸፋፍና ከቤት አልወጣም ስትል ለጥቂት ጊዜ ታገሠቻት። ከዚያ፣

«አንቺ ልጅ፣ ዓሣም የሚሸተው ሲቀመጥ ነው» አለቻት።

ኦዲል ተነሣች። ጡረታ የወጡ የፋብሪካ ሴቶች በሰፈሩ አዳራሽ ትያትር ይለማመዱ ነበርና ልታግዛቸው ሄደች። በኋላ አንዷ ጉልበቷን ስትታመም ራሷ ተተክታ መድረክ ወጣች። መጀመሪያ ላይ የተጎዳውን ጎኗን ከተመልካች ትሸሽግ ነበር፤ መሐሉ ላይ ግን ረሳችው። ባሏ የከዳት ሴት ሆና ወደ ሕዝቡ ዞራ ፈገግ ስትል፣ ግማሽ ፊቷ ሳቀ፣ ግማሹ ዝም አለ።

ለተከታታይ ድራማ የቀረጻ ቦታ ልትመርጥ የመጣች ማጋሊ የምትባል ወጣት አዘጋጅ ከኋላ ተቀምጣ ነበር። ትያትሩ እንዳለቀ ጠጋ ብላ፣ የድራማዋን ዋና ሰው፣ ዳኛዋን፣ እንድትጫወትላት ጠየቀቻት።

ኦዲል ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ፣ «ይህንን አይተሽዋል?» አለች።

«እሱን አይቼ ነው የመጣሁት። ተከሳሹ ዳኛዋ ትሳቅበት ትዘንለት ሳያውቅ ይጨነቃል። እኔ ራሴ እዚያ ወንበር ላይ ስጨነቅ ነበር።»

ኦዲል ሻርፑን ከአንገቷ ፈታችና፣ እንግዲያው ካሜራው በግራ በኩልም ያንሣኝ አለች።

ድራማው መተላለፍ የጀመረ ዕለት የፋብሪካው ሴቶች ሶአዚግ ቤት ታጨቁ። ሶአዚግ ዳቦ በቅቤ አቀረበች፣ የፖም ጠጅ ቀዳች፣ የሚያወራውን ሁሉ በዓይኗ ዝም አሰኘች። ሲያልቅ ወደ ኦዲል ዞራ የዳኛ ልብሱ ሰፍቶሻል፣ ያጥብቡልሽ አለቻት፤ ይህን ስትል ግን ዓይኗን በሽርጧ እየጠረገች ነበር።

ድራማው ዓመታት ዘለቀ። ሰሞኑን ደግሞ ኦዲል ለአንድ ፊልም የባቡር ነጂ ሆና ልትሠራ በአቅራቢያው ከተማ ወዳለው የካምፔር ባቡር ጣቢያ እየሄደች መንዳት ትማራለች። ሶአዚግ ለጊዜው በአውቶቡስ እንደምትሄድ አስታውቃለች።