ገብተው ይጠብቋት

አንጸባራቂ ወረቀት እጄ ላይ ሲያርፍ በርበሬ ይሸተኛል። ባለፈው ሳምንት ሐኪም ቤት ተራዬን ስጠብቅ መጽሔት ገለጥኩና አስነጠሰኝ። አጠገቤ የነበሩት ሴትዮ «ይማርሽ» አሉኝ፤ እኔ ግን ልቤ ሄዶ ነበር።

በደርግ ጊዜ የበርበሬ በረንዳ ነጋዴዎች አሮጌ የፈረንጅ መጽሔት ለመጠቅለያ ይገዙ ነበር። ታላቅ እህቴ ከትምህርት ቤት ስትመለስ አንዳንዱን ለምና ታመጣለች። ከሲኒማ ራስ ጀርባ ባለችው ቤታችን፣ በቆርቆሮው ቀዳዳ በሚገባው ብርሃን እያነበበች ወደ አማርኛ ትመልስልኛለች። ከሁሉ የምንወደው የአንዲት አሜሪካዊት የፊልም ተዋናይ ታሪክ ነበር።

የልብስ አጣቢ ልጅ ናት። ባቡር በሚያልፍባት ትንሽ ከተማ ምግብ ቤት ስታስተናግድ አንድ የፊልም ሰው አያትና ይዟት ሄደ። ስሟን ለወጡት። ጥርሷን አስተካከሉ፤ ቅንድቧን ነቅለው በእርሳስ ሣሉላት፤ አረማመዷንና ድምጿን ሳይቀር እንደ አዲስ አስተማሯት። የመጀመሪያ ፊልሟ እዚያች ከተማ ሲታይ እናቷ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጣ፣ የልጇ ፊት ሸራውን ሞልቶት እያለ፣ «ልጄ መቼ ነው የምትወጣው?» ትል ነበር አሉ። ከዚያ ዝናዋ ዓለምን አዳረሰ። ሁለት ጊዜ አገባች፣ ሁለቴም ፈታች። አንድ ቀን ፊልም እየተነሳ ሳለ ካፖርቷን ወንበር ላይ ጥላ ወጣች፤ አልተመለሰችም። የሚቀጥለው ገጽ ተቀዷል፤ በርበሬ ተጠቅልሎበት የሰው ቤት ገብቶ ይሆናል። እህቴ ቀሪውን ፈልጌ አመጣለሁ አለችኝ።

ሳታመጣው ጠመንጃ የያዙ ሰዎች ወሰዷት። የቀይ ሽብር ሰሞን ነበር። ክር ቸርቻሪዋ እናቴ ስንቅ ይዛ ከደጅ ደጅ ተንከራተተች። አንድ ቦታ «ከእንግዲህ ስንቅ አታምጪ» አሏት። ምን ማለት እንደሆነ ያኔ የማያውቅ ሰው አልነበረም። እናቴ ግን አላለቀሰችም። ቤት ገብታ የእህቴን የትምህርት ቤት ልብስ አጠበች።

ክረምቱ አልፎ በአንድ ቀትር እህቴ መጣች። ፀጉሯ ተላጭቷል፣ የፊት ጥርሶቿ የሉም፣ እግሯን ትጎትታለች፤ ድምጿ የአሮጊት ሆኗል። በር ላይ ክር ታጠነጥን የነበረችው እናቴ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሳች።

«እማ፣ እኔ ነኝ» አለች እህቴ።

እናቴ ፈገግ ብላ፣ «ልጄ ትምህርት ቤት ናት። ገብተው ይጠብቋት» አለቻት።

ገባች። በገዛ ቤቷ የእንግዳ ወንበር ላይ ተቀምጣ ራሷን መጠበቅ ጀመረች። እናቴ ምግብ ባቀረበች ቁጥር ለልጇ ድርሻ ታስቀር ነበር። አመሻሽ ላይ «ዛሬም ቆየች» ስትል፣ እህቴ «ትመጣለች» ትላታለች። ጎረቤት ሁሉ ልጅሽ እኮ ናት እያለ መከራት። በትሕትና ትሰማቸውና ወደ እንግዳዋ ዞራ፣ ይብሉ እንጂ ትላታለች።

እውነቱን ለመናገር፣ እኔም መጠራጠር ጀመርኩ። የድሮዋ እህቴ ወደ እኔ ዞራ እያንጎራጎረች ነበር የምትተኛው፤ ይቺ ጣራ እያየች ቀጥ ብላ ትተኛለች። አንድ ቀን ልፈትናት ብዬ የተዋናይዋን ታሪክ እንድትነግረኝ ጠየቅኳት። ቃል በቃል ነገረችኝ። የተቀደደው ገጽ ላይ ስትደርስም አላቆመችም።

«ወደ ከተማዋ ተመለሰች» አለችኝ። «እናቷ ግን ሥራ ፈላጊ አጣቢ የመጣች መሰላት።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ አብራት አጠበች።»

የት አነበብሽው ብዬ አልጠየቅኳትም።

ቀስ በቀስ እህቴ የእናቴን ክር መሸጥ ያዘች፤ በዚያ ገንዘብ እኔንም አስተማረችኝ። እናቴ ስታረጅ እሑድ እሑድ ደጃፍ ፀሐይ ላይ አስቀምጣት ፀጉሯን ታበጥርላት ነበር። አንድ እሑድ እናቴ ዐይኗን እንደጨፈነች እጇን ወደ ኋላ ሰዳ የእህቴን እጅ ዳሰሰች።

«እግዜር ይስጥልኝ» አለቻት። «እናትዎንም እንዲህ የምታበጥርላቸው ልጅ አይንሳቸው።»

«አሜን» አለች እህቴ፣ ማበጠሯንም ቀጠለች።