ኮረብታው ሥር የጸለየው ደሳለኝ ነው

ትእዛዙ የደረሰን ከንጋቱ አስራ አንድ ሰዓት ላይ ነው፤ ፊት ለፊታችን ያለውን ራሰ በራ ኮረብታ እንድንይዝ። አንድ ጓድ ነበርን፤ ዘጠኝ ሰው። የብሬን መትረየስ ተኳሻችን ደሳለኝ የሚባል የቢጠና ልጅ ነበር። «እንጸልይ» አለ። ኦርቶዶክሱም ጴንጤውም ተንበረከከ። እኔ ብቻ የጫማዬን ክር የማስር መሰልኩ። ፈርቼ አፌ ተሳስሮ ነበር። ደሳለኝ መጥቶ እጁን ራሴ ላይ ጫነ።

«አንተ ዝም በል፤ ስለ አንተም እኔ እጸልያለሁ» አለኝ።

ወጣን። ግማሽ መንገድ ላይ ሞርታር ተቀበለን። ሁለት ወደቁ። በደረታችን ተሳብን። ደሳለኝ ሽፋን ሲሰጠን ተመታ። ምሽጉ አፍ ላይ ሌሎች ሁለት ቀሩ። አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ኮረብታውን ያዝን።

ሶዶ ስመለስ ቤተ ክርስቲያናችን የምስጋና ፕሮግራም አዘጋጀችልኝ። እኛ ዘንድ ከሞት የተረፈ ሰው መድረክ ላይ ወጥቶ መመስከር አለበት። ማይኩን ሰጡኝ። ሁሉም ዓይን ዓይኔን ያያል። «ጸለይኩ፤ ጥይቱም አለፈኝ» አልኩ። አዳራሹ በእልልታ ተናጋ። ዋሽቼ ነበር።

ከኋላ አንዲት እናት ተነሱ። የደሳለኝ እናት ናቸው፤ የልጃቸውን ነገር ሊሰሙ ከቢጠና በሚኒባስ መጥተዋል።

«አንተ ጸለይክ፣ ተረፍክ። እሺ። የኔ ልጅ አልጸለየም?»

አንድ ሽማግሌ ፈጥነው «እማማ፣ የጌታ ፈቃድ ነው» አሏቸው።

ደሜ ፈላ። እኔ ስተርፍ በጸሎቴ፣ ደሳለኝ ሲሞት በጌታ ፈቃድ! ጥይት የሳተውን ሁሉ ጸሎቱ ተሰማለት ካልን፣ ያገኘውን ምን ልንለው ነው? ይህን የምናመዛዝንበትን አእምሮ የሰጠን ጌታ ራሱ አይደለም ወይ? በሽማግሌው ተናደድኩ፤ ይበልጥ ግን በገዛ ምላሴ።

ወርጄ እግራቸው ላይ ወደቅኩ። «ጸልዮአል፣ ለእኔም ጭምር። ያልጸለይኩት እኔ ነኝ» አልኳቸው።

«ተነሳ። ይሄን በማይኩ ተናገር።»

ተናገርኩ። እልል ያለ ሰው የለም።

እናንተ ልጆች ዛሬም ታምናለህ ወይ ትሉኛላችሁ። አምናለሁ። እንዴት እንደሆነ ግን አስረዳ ብትሉኝ አልችልም። የሞተውን የሚያሳጣ ምስክርነት ስሰማ ግን እስከ አሁን ቁጣዬ አልበረደም። ከዘጠኛችን አራት ተመለስን። አምስቱ እዚያ ቀሩ፤ አምስቱም ተንበርክከው ነበር።