ከመስኮቱ የዘለለው

ራልፍ ኦስተርማን በሕይወቱ ሦስት ፊልም ሠርቷል። ሦስቱም ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ማግስት ሆሊውድ ውስጥ የተቀረጹ ናቸው። በመጀመሪያው ለአንዲት ሴት በር ከፈተ። በሁለተኛው መጠጥ ቤት ውስጥ፣ ገና አፉን ሳይከፍት ተገደለ። በሦስተኛው ዋናውን ተዋናይ ዌስ ማርደንን ተክቶ ከሁለተኛ ፎቅ መስኮት ዘለለ። ፊልሙ የሚታወሰው በዚያ ዝላይ ነው። ማርደን ለጋዜጣ "የዘለልኩት ራሴ ነኝ" አለ። ራልፍ "ውሸት ነው" ብሎ ተናገረ። ከዚያ በኋላ ለሥራ የጠራው የለም።

ወደ ትውልድ ከተማው ኮሎምበስ ተመልሶ ፍራንክሊንተን ሰፈር በሚገኘው የአባቱ ሥጋ ቤት ሥራ ገባ። በልጅነቱ የግራ እጁን አመልካች ጣት ያጣው እዚያው፣ በሥጋ መቁረጫው ነበር። ማርደንም የዚሁ ከተማ ልጅ ነውና በስተርጅና ተመለሰ፤ ባገኘው መድረክ ሁሉ ዝላዩን ያወራ ጀመር። ራልፍ ክሊንተንቪል ሰፈር ባለው ቤቱ ተቀምጦ በቴሌቪዥን እያየው ጥርሱን ያፋጫል።

ሁለቱም ዘጠና አምስትን ካለፉ በኋላ፣ ራልፍን ቤቱ እየሄደች የምትንከባከበው ኢትዮጵያዊቷ ሰገነት አንድ ጠዋት ከስልኳ ዜና አነበበችለት።

"ጋሼ ራልፍ፣ ዌስ ማርደን ሞተ።"

ራልፍ ሳቀ።

"ኧረ በሞተ ሰው አይሳቅም!"

"እኔ ስቄያለሁ።"

"በእኛ አገር የተኳረፈም ቢሆን ለቅሶ ይደርሳል።"

ራልፍ ትንሽ አሰበ። "ጠላትም ይገባል? አያስወጡትም?"

"ለቀስተኛ ማን ያስወጣል?"

"እንግዲያው ውሰጂኝ።"

ሰገነት ማርደንን ይቅር ያለው መሰላት። በማግስቱ ጥቁር ነጠላዋን ለብሳ፣ የእሱን ክራቫት አስራ፣ ዊልቸሩን መኪናዋ ላይ ጫነች።

በቀብሩ ዋዜማ ሟች በሚሰናበትበት አዳራሽ፣ ማርደን በተከፈተ ሣጥን ውስጥ እጆቹን ደረቱ ላይ አድርጎ ተኝቷል። ከበላዩ አንድ ቴሌቪዥን ዝላዩን ደጋግሞ ያሳያል። ሰውየው ጀርባውን ሰጥቶ የመስኮቱን ጠርዝ በግራ እጁ ይይዛል፤ ከዚያ ይወረወራል። ሴት ልጁ በር ላይ ቆማ "አባቴ ራሱ ነው የዘለለው" እያለች እንግዳ ትቀበላለች።

"አስጠጊኝ" አለ ራልፍ።

ሰገነት ገፋችው። ግራ እጁን በሟቹ እጆች ላይ ሲያኖር ዓይኗ እንባ አቀረረ።

"ኑ፣ ቁጠሩ!" ብሎ ጮኸ። "የዚህ ሰው ጣት ሙሉ ነው። የእኔ አንድ ይጎድላል። አሁን መስኮቱ ላይ ያለውን እጅ እዩ!"

ሪሞቱን የያዘው የሟቹ የልጅ ልጅ ሳያስበው ምስሉን አቆመው። አዳራሹ በሙሉ ቀና አለ። አመልካች ጣት የለም።

የማርደን ሴት ልጅ ከበሩ መጣች። "እባክዎ፣ ዛሬ አይደለም።"

"ሌላ ቀን የት አገኘዋለሁ? ነገ ከነጣቱ ትቀብሩታላችሁ።"

የአባቷን እጅ አየች። ምስሉን አየች። ከዚያ ሄዳ ቴሌቪዥኑን ከነገመዱ ነቀለችው።

ሰገነት እንግሊዝኛው ጠፋባት። "እግዚአብሔር ያጽናችሁ" ብላ የሟቹን ሴት ልጅ እጅ ጨበጠችና ዊልቸሩን ይዛ ወጣች።

መኪና ውስጥ "እኔኮ ይቅር ያሉት መስሎኝ ነው!" አለችው።

"እንደዚያ አላልኩሽም። ሴት ልጁ አየች፣ አይደል?"

"አየች።"

"ቀብሩ ነገ ስንት ሰዓት ነው?"

"አልወስድዎትም!"

"ለቀስተኛ ማን ያስወጣል አላልሽም?"

ሰገነት ሞተሩን አስነሳች። ራልፍ አራት ጣቱን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ፣ ቤት እስኪደርሱ ያፏጭ ነበር።