ያልወጣሁበት ሜዳ

ባለፈው ቅዳሜ እዚህ ስቶክሆልም፣ ፋርስታ ሰፈር፣ አባቴ የሚኖሩበት የአረጋውያን ቤት ስደርስ ያቺን ታሪክ ጀምረዋታል። ገና ጃኬቴን ሳላወልቅ ከበሩ ላይ ሰማኋት። የምትንከባከባቸው የወሎ ልጅ ዘይነባ እግራቸውን ቅባት እያሸች፣ "እሺ አባባ፣ ከዚያስ?" ትላለች። እሷ ሥራዋ ነው፣ ትስማ። እኔ ግን ሠላሳ ስምንት ዓመት ሙሉ በሰማሁ ቁጥር አንጀቴ እርር ይላል። በክርስትና ቤት አውርተዋታል፣ በሠርግ አውርተዋታል፣ አንዴማ ለቅሶ ቤት።

መዘዙ የመጣው በቄሱ ነው። በምንኖርበት በቴንስታ ሰፈር እንግሊዝኛ ያስተማሩን እንግሊዛዊ ነበሩ፤ በስማቸው የሚጠራቸው አልነበረም፣ ሁላችንም ቄሱ ነበር የምንላቸው። በወጣትነታቸው ለክፍለ ሀገራቸው ክሪኬት ተጫውተዋል፣ ያውም በነጻ። በእሳቸው ዘመን የጨዋ ልጅ ለገንዘብ አይጫወትም ነበር አሉ። ኋላ መምህር ሆኑ፣ ቅስና ተቀበሉ፣ ስዊድናዊት አግብተው ስቶክሆልም ቀሩ። "ክሪኬቱም፣ ማስተማሩም፣ ቅስናውም አንድ ሥራ ነው፤ ቆሞ መጠበቅ ነው" ይሉን ነበር።

ክሪኬት ላስተምራችሁ ብለው ሲያስቆሙንም ኖሩ። የሰው ልጅ ኳስ እያንከባለለ ሲሞቀው፣ እኛ በየቅዳሜው ርጥብ ሣር ላይ እንገተራለን። አንዱ ይወረውራል፣ አንዱ በጠፍጣፋ ዱላ ይመታል፣ የቀረው ቆሞ አፍንጫውን ይጠርጋል። ጨዋታው ሞቅ ሊል ሲል ቄሱ ሰዓታቸውን አይተው "ሻይ" ይላሉ። ከሻዩ ጋር ኪያር የገባበት ዳቦ ያድሉናል፤ ኪያር ብቻ፣ ሌላ ምንም የለውም። አሁን ሰው ኪያር በልቶ ይሮጣል?

ከሁሉ የሚያናድደኝ ሕጋቸው ነበር። ኳሷ ዱላህን ነክታ፣ መሬት ሳታርፍ ከኋላህ ያለው ልጅ ከቀለባት፣ ከሜዳ ትወጣለህ።

"ዳኛው ባያይስ?" አልኳቸው አንድ ቀን።

"አንተ ታውቃለህ አይደል? ዳኛ ሳትጠብቅ ራስህ ትወጣለህ።"

ታዲያ ዳኛው ምን ሊሠራ ነው የሚቆመው? ይኼን እንኳ በሆዴ ነው ያልኩት።

ግንቦት ላይ ከሶደርማልም ሰፈር ከመጡ ተማሪዎች ጋር ገጠምን። ያን ዕለት አባቴ መጡ። አገር ቤት የመዝገብ ቤት ሹም ነበሩ፣ ሲገቡ ሰው ብድግ የሚልላቸው። እዚህ የባቡር ፉርጎ ያጸዳሉ፤ ከሥራ ወደ ቤት፣ ከቤት ወደ ሥራ፣ ሌላ የለም። ሙሉ ልብስ ከነከረባቱ ለብሰው ሜዳው ዳር ቆሙ። ትንሽ አዩና፣ "ይኼማ ገና ነው" አሉ። በልጅነታቸው በገና ጨዋታ ሩር ሲመቱ የታወቁ ነበሩ። ከዚያ ወዲያ ማን ያስቆማቸው። "በለው፣ በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ" እያሉ ሲጮኹ፣ ሻይ የያዙት ወላጆች ዞር ዞር እያሉ ያዩናል። አፈርኩ፣ ደስም አለኝ። አባቴ ሲስቁ ካየሁ ሦስት ዓመት አልፎኝ ነበር።

ለማሸነፍ አራት ነጥብ ቀረን። የመጨረሻው መቺ እኔ ነኝ፤ እኔ ከወጣሁ አለቀልን። ኳሷ መጣች፣ ሰነዘርኩ፣ የዱላዬን ጠርዝ ነካ አድርጋ አለፈች። ከኋላዬ ያለው ልጅ ቀለባት። እጄ ላይ በደንብ ተሰምቶኛል። የሶደርማልም ልጆች ይውጣ ብለው ጠየቁ። ዳኛው ቄሱ ነበሩ፤ ነፋሱ ወደ አባቴ በኩል ስለነበረ ድምፁን አልሰሙም፣ እኔን አዩኝ። እኔ አባቴን አየሁ። ከረባታቸው ትከሻቸው ላይ ወጥቶ ይስቃሉ። ከዚያ ጫማዬን አየሁ።

ቄሱ "አልወጣም" ብለው ፈረዱ። ቀጣይዋን ኳስ እስከ ሜዳው መስመር ሰደድኳት፤ መስመር የነካች ኳስ አራት ነጥብ ናትና አሸነፍን።

ጨዋታው ሲያልቅ ቄሱ ጨበጡኝና፣ "ሲከብድህ ትነግረኛለህ" አሉኝ። በጣም ተናደድኩ። ተቆጥተውኝ፣ ውጤቴን ቀንሰውብኝ ቢገላግሉኝ ምን ነበረበት? አልነገርኳቸውም። ዓመታት አልፈው ሞቱ። ቀብራቸው ላይ ያ የኪያር ዳቦ ቀረበ፤ እየመረረኝ ሁለት በላሁ።

አባቴ ግን ነገሩን አሳደጉት። አራቱ ነጥብ አርባ ሆነ፣ የሶደርማልም ተማሪዎችም ጎልማሶች ሆኑ። ባለፈው ቅዳሜ ዘይነባ "ከዚያስ?" ስትል በቃኝ።

"አባባ፣ ይተዉት እባክዎ" አልኩ። "ኳሷን ነክቻታለሁ። መውጣት ነበረብኝ።"

ዘይነባ ማሸቷን አቆመች። አባቴ መነጽራቸውን አወለቁ።

"አውቃለሁ" አሉ። "እንጨት ኳስ ሲነካ የሚያሰማውን ድምፅ ለእኔ ልታስተምረኝ ነው?"

"ታዲያ ይኼን ሁሉ ዓመት ለምን ያወሩታል?"

"እስክትነግረኝ ነዋ። ጠይቄ ላሳፍርህ አልፈለግሁም። አንተ ግን ድፍን ሠላሳ ስምንት ዓመት አስለፈለፍከኝ፤ ጉሮሮዬ አለቀ እኮ።"

ወደ ቴንስታ ስመለስ ባቡሩ ውስጥ አንዴ ስስቅ አንዴ ዓይኔን ስጠርግ አጠገቤ የተቀመጠችው ሴት ቦታ ቀየረች። ቄሱ ያሉትን ሥራ፣ ቆሞ መጠበቁን፣ ከሁላችን መሃል የተማሩት አንድ ቀን ብቻ ሜዳው ዳር የቆሙት አባቴ ናቸው። እኔም ከሠላሳ ስምንት ዓመት በኋላ ከሜዳው ወጣሁ፤ ቀለለኝ።

ዛሬ ጠዋት ስደውል ዘይነባ አነሣች። አባባ ሌላ ታሪክ ጀምረዋል አለችኝ፤ እኔ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ሳለሁ ከቤት ስለጠፋ የእጅ ሰዓት ነው። ሰዓቱን የሸጥኩት እኔ ነኝ። ጃኬቴን ለብሼ ወደ ፋርስታ ወጣሁ።